እማ የአባባን ስም የጠራች ዕለት

ለምወድህና ለማከብርህ ወንድም ጋሼ ዲናናት፣

ከዶሃ ፀሐይና ከአለቃህ ቁጣ ጋር እንደምን ከረምክ? ወገብህስ ተሻለህ? እንቅልፍ ይወስድሃል? ምግብስ በወጉ ትበላለህ ወይስ አሁንም ሩዙን በደረቁ ነው? እኛ አለን። ደህና ነን ብዬ ልጽፍ ነበር፤ ውሸት ሆነብኝና ተውኩት።

ስለ አባባ ገንዘብ ጠይቀኸኝ ነበር። በስልክ እማ አጠገቤ ስለምትሆን አልመለስኩልህም። እንደምታውቀው አባባ የዩኒቨርሲቲውን ቤተ መጻሕፍት ሲጠብቅ ኖሮ ውዝፍ ደመወዙንና ጡረታውን ሳይቀበል ሞተ። የምንኖርባት ክፍል ደግሞ የዩኒቨርሲቲው ናትና ልቀቁ ብለውናል። ገንዘቡ ቢወጣ በአጎታችን ግቢ ጥግ ጎጆ እንቀልሳለን፤ ካልወጣ ጎዳና ላይ ነን።

ሚስት በራሷ አንደበት ቃሏን ትስጥ ተባለና እማን ይዣት ሄድኩ። ጸሐፊው ቲዋሪ "የሟች ባልሽ ስም ማን ነው?" አላት። እማ የሳሪዋን ጫፍ ፊቷ ላይ ሳበችና "የዲናናት አባት" አለች። ደግሞ ጠየቃት። "የዲናናት አባት ነው እኮ ጌታዬ፤ ሲገቡ ሲወጡ በር ይከፍትልዎ አልነበር?" አለችው። እኔ ልናገር ብል "አንቺ ዝም በይ! ያገባችው እሷ ናት ወይስ አንቺ?" ብሎ ጮኸብኝ። "እማማ፣ ሳታውቂው ነው እንዴ የወለድሽለት?" ሲላት ቢሮው ሁሉ ሳቀ። ወጉ ጠፍቶት እንዳይመስልህ፤ የገዛ እናቱም የባሏን ስም ጠርታ አታውቅም። "አመልካቿ ሟቹን አታውቅም" ብሎ ጻፈና ጉዳያችንን ዘጋው።

መንገድ ላይ "እማ፣ ሚስት ስም ከጠራች የባል ዕድሜ ያጥራል ትያለሽ፤ የሞተ ሰው ምን የሚያጥር ዕድሜ አለው?" አልኳት። "ታዲያ ምን ቀረለት?" አለችኝ። "ደመወዙን ከለከሉት፣ ቤቱን ሊነጥቁት ነው። የቀረው እኔ ያኖርኩለት ክብር ብቻ ነው።"

ዝናቡ እንዳባራ መብራት ቆረጡብን፤ ቀጥለው በራችንን ነቅለው ወሰዱት። በር በሌለው ቤት ሴት ልጅ ይዞ ማደር ከበዳት መሰለኝ፣ አንድ ጠዋት ተጣጥባ "ተነሺ እንሂድ" አለችኝ። ቲዋሪ ተዛውሮ በወንበሩ ላይ ሌላ ሰው ተቀምጧል። እማ ገና ከደጃፉ ፊቷን ገለጠችና "ራምሱባግ! ባሌ ራምሱባግ ይባላል!" ብላ ጮኸች። እንዲያ ያለ ድምፅ እንዳላት አላውቅም ነበር። ሰውየው ቀና ብሎም አላየን። "እሱን ማን ጠየቀሽ? ይሄ ተዘግቷል፤ ፍርድ ቤት ሂዱ" አለ። የእኛን አገር ፍርድ ቤት ታውቀዋለህ፤ አያት የጀመረውን ክርክር የልጅ ልጅ ነው የሚጨርሰው።

ተስፋ የለኝም ወንድም ጋሼ። የአባባ ገንዘብ ላም አለኝ በሰማይ ሆኗል። በእሱ ወደ ዶሃ የላከኝን ደላላ ዕዳ ከፍዬ አገሬ እገባለሁ ያልከውንም እርሳው።

አጎታችን ሰላም ብሎሃል፤ ግቢው ጠባብ መሆኑን አደራ ንገሪው ብሎኛል። ሚስቱ ጤናህን ጠይቃለች። ጎረቤታችን ሱርጂ፣ ለበሩ መጋረጃ የሰጠችን እሷ ናት፣ በብዙ ናፍቆት ሰላም ትልሃለች። እማም ሰላም ብላሃለች። ሌላስ ምን ልጻፍለት ብላት "ስሙን በከንቱ ጠራሁት በይልኝ" አለች።

እህትህ ቢንዱ
ቻምፓፑር፣ ቢሃር
በመብራት በዓል ማግስት፣ 2018 እ.ኤ.አ.