በማላያላም ፊልም ውስጥ አንቱ የምትል ሚስት

ለእህቴ ለሰገነት፤ እንደምን ከርመሻል? ወገብሽንስ ተሻለሽ? ባለቤትሽ ጋሽ ሽፈራውስ፣ ያ ሳል ለቀቃቸው ወይ? እኔ አምላክ ይመስገን ደኅና ነኝ፤ ብርዱ ግን ገና ከጅምሩ አጥንት ይሰረስራል።

በስልክ የላክሽው መልእክት ደርሶኛል። ምራትሽ ሰምሀል ልጅሽን ኪዳንን በሰው ፊት «አንተ» ስለምትለው ተቀይመሽ፣ በጥር የልጃቸው ክርስትና ላይ እንደማትገኚ፣ እኔም እንደ ታላቅነቴ ደውዬ እንድገሥጻት ብለሻል። በስልክማ እንጣላለን፤ መጻፉ ይሻላል ብዬ ነው።

ከቤቴ ደጃፍ ፊት ለፊት ኩሪያን የሚባል ህንዳዊ ይኖራል። አገሩ ኬረላ፣ ቋንቋው ማላያላም ነው። ክርስቲያን ነው፤ እንደኛው ይጾማል። እሁድ ከቅዳሴ መልስ የአገሩን ፊልም አብረን እናያለን፤ እኔ ከሥር የሚጻፈውን እንግሊዝኛ ፊደል እየቆጠርኩ እከተላለሁ። በቆዩት ፊልሞች ባል ዓረብ አገር ሄዶ ሚስት ደጅ ደጁን ታያለች። በአሁኖቹ ሚስት ነርስ ሆና ባሕር ትሻገራለች፣ ባል ቤት ቀርቶ ዓሣ ይጠብሳል፤ ሲጨቃጨቁም እኩል ነው።

እንግሊዝኛው ግን ለሁሉም «ዩ» ስለሚል አንድ ነገር አልገባ አለኝ። ይቺ ሴትዮ ባሏን አንቱ ነው ወይስ አንተ የምትለው ብዬ ኩሪያንን ጠየቅሁት። ሳቀብኝ። ለካ በእነሱም ሁለቱም አሉ። ድሮ ሚስት የባሏን ስም አትጠራም፤ «ቼታ» ትላለች፣ ታላቅ ወንድሜ እንደ ማለት ነው። ዛሬ በስሙ ትጠራዋለች። «ፊልሞቹ ሚስቶቻችሁን አበላሿቸዋ» አልኩት። ጋሼ ማለትን ከእኔ ተምሯልና፣ «ጋሼ፣ ፊልም ሠሪዎቹ ከየቤታችን ሰምተው ነው የጻፉት፤ የእኔዋማ ቼታ ካለችኝ ወይ ተቆጥታለች ወይ ቆሻሻ እንዳወጣላት ፈልጋለች» አለኝ።

ማታ ስጸልይ አፀደ ትዝ አለችኝ። ነፍሷን ይማርና፣ ትዳራችንን ሙሉ አንቱ ብላኝ ነው የኖረችው፤ እኔም ደስ ይለኝ ነበር። ሐኪም ቤት በመጨረሻዋ ሰሞን ግን «አንተ፣ ና እስቲ እጄን ያዘኝ» አለችኝ። ድካሙ ይሁን ፍቅሩ፣ አላውቅም። ከጠራችኝ ሁሉ ጆሮዬ ውስጥ የቀረችው ያቺ ናት።

ስለዚህ ሰምሀልን አልገሥጻትም። ክርስትናው ላይ ሂጂ፣ የልጅ ልጅሽን ታቀፊ። ቅር ካለሽ ጸልዪበት፤ እኔም እጸልያለሁ።

ጋሽ ሽፈራውን እጅ ነሥቷል በይልኝ። ኪዳንን እቀፊልኝ፣ የሕፃኗን ግንባር ሳሚልኝ። ለሰምሀል ያለኝን ሰላምታ ግን በማንም እንዳትልኪው፤ ቤቷ ገብተሽ ራስሽ አድርሺልኝ።

ወንድምሽ ወልደየሱስ
ዋይትሆል፣ ኮሎምበስ፣ ኦሃዮ
ኅዳር ፭ ቀን ፳፻፲፰ ዓ.ም.