የሌላ ሰው ስም የወጣበት ቀልድ

ልጄ ትሕትና፣ የቁሐሩ ሚካኤል በክንፉ ይጋርድሽ፣ ባለሽበት አገር ሰው አያሳጣሽ። እኛ ደኅና ነን። ሩዙ ታርሟል፤ ቀይዋ ላምም ወልዳለች። እኔ ግን ተናድጃለሁ።

ቅዳሜ ለገበያ ወረታ ወርጄ ሻይ ቤት ብቀመጥ፣ ያ አንቺ ከውጭ እየጻፍሽ የምትልኪው የቴሌቪዥን ቀልድ መጣ። ቤቷ ጎርፍ የገባባት ሴት ቄስ ባሏን፣ "እርስዎ ዳዊትዎን ሲጨርሱ ድስቴ ጣና ይገባል!" ትላለች። ሰው በሳቅ ፈረሰ። በጎርፉ ዓመት እኔው ለአባትሽ ያልሁት ነው!

ብድግ ብዬ፣ "ይህን የጻፈችው ልጄ ናት" ብል አስተናጋጇ፣ "እናቴ፣ አርፈው ይቀመጡ" አለችኝ። እኔም ባልየው የሚመልሰውን፣ ያኔ አባትሽ ያሉኝን፣ ቀድሜው ተናገርሁ፦ "ድስቱ ይሂድ፣ አንቺ ብቻ ዝም በይ!" እሱም ቃል ሳያጎድል ደገመው። ሰው ሁሉ ዞሮ አየኝ። መጨረሻ ላይ ግን የጸሐፊው ስም ሲወጣ የማላውቀው ሰውዬ ሆነ።

ስምንት ዓመት ጽፈሽ ስምሽ የት አለ? በስልክ ብጠይቅሽ፣ "ግድ የለም እማየ፣ ልማዳቸው ነው" አልሽኝ። እንዴት ግድ የለም? ያ ሰውዬ ከእኛ ጋር ጎርፉ ውስጥ ቆሟል? "ቀልድ ደግሞ ሥራ ነው?" ይሉ የነበሩት አባትሽ እንኳ፣ "የልጄን ስም ይመልሱ!" ብለው ተቆጥተዋል።

እመቤቴ እጅሽን ትባርከው። እባክሽ ልጄ፣ ስምሽን ካልጻፉ ሌላ አትላኪላቸው። ስሙን ያወጣሁልሽ እኔ ነኝ፤ ተጽፎ ሳላየው አልሙት።

እናትሽ ሸዋነሽ