የመርዶ ነጋሪዎቹ ቁርስ

ውድ ወንድሜ ዮአብ፣

ይህን የምጽፍልህ በገዛ እጄ ነው። ፊደል የቆጠርኩት በስተርጅና ስለሆነ መስመሩ ቢንጋደድ ታገሠኝ። ልጄን ሐዊን ላስጽፋት እችል ነበር፤ ግን እናቷ ለአጎቷ የምትለውን ሁሉ መስማት የለባትም።

ድራማው ፊልም ሊሆን ነው ብለህ ፈቃዴን ጠይቀሃል። "እታለም፣ ያለ አንቺ ምርቃት አልጀምረውም" ብለሃል። በቴሌቪዥን ስታወጣው ግን አልጠየቅኸኝም።

ኮሎኝ የሄድከው ምህንድስና ልትማር ነበር። ትቶት ለጀርመኖች ቀልድ ይጽፋል ሲሉኝ ዘመድ ሁሉ አፈረ፤ እኔ ግን ሰው በባዕድ ቋንቋ እንዴት ያስቃል ብዬ ኮራሁብህ። መጀመሪያ ለአንዲት ትንሽ መድረክ፣ ኋላ ከሌሎች ጋር ለቴሌቪዥን፣ ከዚያ የራስህን ተከታታይ ድራማ። ስለ አከራይህ ጻፍክ። ቆሻሻ ለይተህ አልጣልክም ብላ ስለምትከስህ ጎረቤትህ ጻፍክ። የራስህ ሲያልቅብህ ወደ እኔ ጓዳ ገባህ።

ሐዊ ከምስሉ ሥር የሚያልፈውን የእንግሊዝኛ ጽሑፍ እየተረጎመች ድራማህን አሳየችኝ። አራት ሰዎች ጭንብል አድርገው፣ ገና ሲነጋ፣ ለአንዲት ሴት የባሏን ሞት ሊያረዱ ይመጣሉ። ምንም ያልገባት ሴትዮ ቁርስ ታቀርባለች። ወንድሟ ደውሎ ሲቀልድባት ትስቃለች። ሰዎቹ መናገር ፈርተው፣ በልተው ይወጡና መኪና ማቆሚያው ላይ አንተ ንገራት፣ አንቺ ንገሪያት ይባባላሉ። ጀርመኖቹ ሲንከተከቱ ይሰማል። ሐዊም ሳቅ አምልጧት አፏን ያዘች። ከዚያ አየችኝና "ኢትስ ጀስት ኮሜዲ፣ ማሚ" አለች። የሞተው አባቷ እኮ ነው።

እንግዲህ ስማኝ። በዚያ በኮሮናው ዓመት ዘገዬ እዚህ አሜሪካ ሆስፒታል ከገባ ወዲህ ደጄን የረገጠ ሰው አልነበረም። የሚወደን ሁሉ ምግቡን በር ላይ አስቀምጦ፣ መኪናው ውስጥ ሆኖ ይደውል ነበር። በእንዲህ ያለ ጊዜ ጋሼ ቶሎሳ፣ የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ፣ ሦስት ሰው አስከትለው በማለዳ ሲመጡ የማይገባው ማን ነው? እኔ በሩን ስከፍት አውቄአለሁ።

ቁጭ በሉ አልኳቸውና ጨጨብሳ ሠራሁ። ጭንብላቸውን አወረዱ። የሚያኝክ ሰው መርዶ አይናገርም። ሳህኑ ጎደል ሲል እጨምራለሁ። ጋሼ ቶሎሳ "በቃኝ፣ እናናዬ" ሲሉኝ ኮሮናውን ረስቼ "በሞቴ" ብዬ አጎረስኳቸው። እነሱ እስካኘኩ ድረስ ባል ነበረኝ።

አንተ የደወልከው በዚህ መሀል ነው። የአባቷን ሞት ሐዊ ቀድማ ነግራህ ነበር። እኔ እንዳልጠረጥር ስለ አከራይህ ውሻ ታወራልኝ ጀመር። በድራማህ ላይ ያ ሳቄ የሞኝ ሳቅ ነው። እኔ ግን ድምፅህ ሲንቀጠቀጥ ሰምቻለሁ። አንተ ከልጅነትህ ጀምሮ የምትቀልደው እንባህ ሲመጣ ነው። ብቻህን በሰው አገር እንዳታለቅስ ብዬ ሳቅኩልህ።

ሰዎቹ ወጥተው ሲጨቃጨቁም በመስኮት አይቻቸዋለሁ። ጋሼ ቶሎሳ ብቻቸውን ሲመለሱ ሳህን እያጠብኩ ነበር። "ጠገቡ?" አልኳቸው። እሳቸው አለቀሱ። ያኔ ነው የጮህኩት።

ይህን ለማንም ነግሬ አላውቅም። ሞኝ አድርገህ ለአገር ባታሳየኝ ኖሮ ለአንተም አልነግርህም ነበር።

ፊልሙን ሥራው። ግን ሴትዮዋ ትወቅ። በሩን ስትከፍት ጀምሮ ትወቅ። እያወቀች ታጉርሳቸው፤ እያወቀች ትሳቅልህ። ያን ጽፈህ ጀርመኖችህ ከሳቁ፣ ይሳቁ።

ምርቃቱን ግን በስልክ አልሰጥህም። ጽፈህ ስትጨርስ ኮሎምበስ መጥተህ ታነብልኛለህ። ቁርስ አቀርባለሁ። አንተም እንደነሱ በልተህ ሹልክ እንዳትል፣ በሩ አጠገብ የምቀመጠው እኔ ነኝ።

የሳቀችልህ እህትህ፣
እናናዬ