በካፖርትህ ኪስ የቀረው ብረት

ለማልረሳህ ለባለቤቴ ለታደለ፣

ከተለየኸኝ ዛሬ ስምንት ወር ሆነ። እኔም ልጃችን ሰናይትም ደኅና ነን። የፋብሪካውን ቤት ለቅቀን ሹም አቦ ሰፈር አንዲት ክፍል ተከራይተናል። የጣና ንፋስ በበሩ ስንጥቅ እየገባ ያስቸግረናል እንጂ ሌላው ይቻላል።

ያ ሥራ አስኪያጅህ አለልህ። ሆዱም ንግግሩም ጨምሯል። ብረት የሚያቀልጥ ፋብሪካ እየመራ የሚያውቀው ብረት ቢኖር በስብሰባ ላይ የሚጮኸውን «የብረት ዲሲፕሊን» ብቻ ነው። በቀብርህ ላይ የሠራተኛው ጀግና ብሎህ አለቀሰ። እንባው እንኳ ትእዛዝ ሲደርሰው ነው የሚወርደው።

ምሳህን ይዤልህ የመጣሁበት ቀን ትዝ ይልሃል? ከምድጃው የቀለጠ ብረት በጭልፋ ጥቂት ቀድተህ አቀዘቀዝህና በመዶሻ ሰብረህ ውስጡን አሳየኸኝ። ግራጫና ድቅቅ ያለ ከሆነ ወደ ቅርጹ ይፍሰስ፣ እንደ ስኳር ካብለጨለጨ ተሰባሪ ነውና ይታረም አልኸኝ። ብረት ውስጥ ውስጡን እንደሚታመም ያን ቀን አወቅሁ። ለዚያ ሰው ግን ይህ ሁሉ ጊዜ ማባከን ነበር። የአብዮት በዓል ሲቃረብ ለማረሻ የቀለጠው ብረት አብለጨለጨና አይሆንም አልህ፤ እሱ ለሰልፉ ይድረስ ብሎ አስፈሰሰው። ተናድደህ ቤት ገባህ፤ በሳምንቱ ልብህ ቀጥ አለ። ለእንዲህ ያለ ሰው እስከ መጨረሻው «እርስዎ» ማለትህ አሁንም ያበሽቀኛል።

ማረሻዎቹ መሸንቲ ወርደው ገና በመጀመሪያው እርሻ እንደ ገል ተሰባበሩ። ገበሬው አቤት አለ፤ አጣሪዎች መጡ፤ ከሥራ አስኪያጁ ጋር ዓሣ በልተው ተመለሱ። ጀግናው ሟች አሻጥረኛ ሆንህ። ሥራ አስኪያጁ ቢሮው ጠራኝና ወረቀት ዘረጋልኝ። ባለቤቴ ታሞ ስለነበር ጥፋቱ የእሱ ነው ብዬ ብፈርም ከቤቱ የሚያስወጣኝ እንደሌለ ነገረኝ።

እኔም ከካፖርትህ ኪስ ያገኘሁትን ሰባራ ብረት ጠረጴዛው ላይ አኖርሁለት። አይሆንም ያልህ ዕለት የቀዳኸው ነው፤ በጠቀለልህበት ወረቀት ላይ «አይፈስስም» ብለህ ጽፈሃል። መጠቅለያውን ወደ ጎን ትቶ ብረቱን እያገላበጠ አየው፤ ምን እንደሆነም ጠየቀኝ። ራሱ ያስፈሰሰውን ብረት አላወቀውም። ሳልፈርም ብረትህን ከነመጠቅለያው አንሥቼ ወጣሁ።

አሁን መስኮቱ ላይ ነው፤ ዝገት እንዳይበላው ሰናይት ዘይት ትቀባዋለች። በሕይወት እስካለሁ ድረስ ስምህን በክፉ የሚያነሣ ሰው በመጣ ቁጥር አወርደዋለሁ፤ አንተ እንዳሳየኸኝም ውስጡን አሳየዋለሁ።

ያንተው ብርቄ