የሟች ወንድሜ ሚስትና የእኔ ክህነት

ግንቦት 6፣ ጠዋት፣ ሆሳዕና
ከቅዳሴ ወጣሁ። አጎቴ ላንቃሞ ሁለት ሽማግሌ አስከትሎ ከሆመቾ መጥቷል። ቆጮና ጎመን ቀረበ፤ አልነካም። ቃሌን ሳይሰማ እህል አይቀምስም። ገባኝ። ወንድሜ ዘምቶ ቀረ፤ ገበሬ ማኅበሩ መርዶውን ካመጣ ዓመት ሞላ። ወጉ ሚስቱን አበበችን ውረሳት ይላል። በሰኔ እሾማለሁ፣ ላላገባ ምያለሁ፣ የካቶሊክ ካህን አያገባም አልኩ። ሳቀብኝ። የኦርቶዶክሱ ቄስ ባለትዳር፣ ፓስተሩ የልጆች አባት፤ የናንተ እ/ር ምን የተለየ ነው አለ። ሳይበሉ ሄዱ።

ግንቦት 9
ጭንቀት። እኔ እምቢ ካልኩ ተራው የአጎቴ ልጅ ነው። ሁለት ሚስት አለው፤ ሁለቱንም ይደበድባል። ደብተሬ፣ ላንተ ካልነገርኩ ለማን ልንገር? አበበችን እወዳታለሁ። ሳቋን ስሰማ ደስ ይለኛል። ታዲያ መሐላዬ ስጦታ ነው ወይስ መሸሸጊያ? የቤተ ክርስቲያናችንን አለቃ፣ ቆሞሱን፣ ጠየቅኳቸው። ካህን የአንዲት ሴት ባል የማይሆነው ለሁሉም ወንድም እንዲሆን ነው አሉኝ። ያምራል። አበበችን ግን ከዚያ ሰው ዱላ አያስጥልም!

ግንቦት 12፣ ከሰዓት
አበበች ራሷ መጣች፤ ትንሹን ልጇን አዝላ። አግባኝ ልትለኝ ነው ብዬ ነበር። አላለችም። «አንተ ለእግዚአብሔር ብለህ ሳታገባ ስትኖር ሰው ያከብርሃል። እኔ ለልጆቼ ብዬ ብቻዬን ልኑር ስል ዕቃ ነኝ እንዴ የምወረሰው?» አለች። ይህንን ሽማግሌ ፊት በልልኝ ብላ ሄደች። አፈርኩ። ይሄን ሁሉ ቀን የተጨነቅኩት ለራሴ ነበር።

ግንቦት 14፣ ሆመቾ
አጎቴ ቤት። አተካና ቀረበ፣ በቅቤ የራሰው የክብር ቆጮ፤ ቅቤው ያውዳል። ርቦኛል። እጄን አልታጠብኩም። አበበች በቤቷ ትኑር፣ ማንም አይውረሳት፤ ቃላችሁን ሳልሰማ እህል አልቀምስም አልኳቸው። አጎቴ ጦፈ። በሹመትህ ቀን አንድ ዘመድ አጠገብህ አይቆምም አለ። ያለ ዘመድ መሾም! ፈራሁ። አሁንም እፈራለሁ። ጓሮ እንሰቱ ሥር ሆኜ እየጻፍኩ ነው። ውስጥ ይከራከራሉ። አበበች በሩ ላይ ቆማለች።

አተካናው ቀዝቅዟል። አጎቴ ጠራኝ፤ ና ብላ፣ ነገሩን ነገ እናየዋለን ይላል።

ዛሬ ካልሆነ አልበላም።