ሙታኑን አውጣቸው ያሉህ ጊዜ

ውድ ፌርሚን፣

ደብዳቤ ሲጀመር በቅድሚያ ጤና ይጠየቃል። አንተን ከእንግዲህ ስለ ጤናህ መጠየቅ ስለቀረ በቀጥታ ወደ ጉዳዬ ልግባ። ጋዜጣው ስለ ሞትህ አራት መስመር ጽፏል። ሦስቱ ስለ ቴሌቪዥን ድራማዎችህ ናቸው፤ አራተኛው ዕድሜህን ተሳስቷል። ቆርጬ ላስቀምጠው ብዬ መቀስ ካነሳሁ በኋላ ተውኩት። እኔ የማውቀውን ሰው እዚያ ውስጥ ስላጣሁት ራሴ ልጽፍልህ ተቀመጥኩ።

እኔ የማውቀው ሰው፣ አምባገነኑ ፍራንኮ ገና በሕይወት ሳለ፣ ማድሪድ ውስጥ ተቀጥሬ እሠራበት ወደነበረው የጓንት ሱቅ የገባው ነው። ዝናብ አበስብሶህ ነበር። ባንኮኒው ላይ ተደግፈህ፣

«ሰው ሲያንቁበት የማይቀደድ ጥቁር ጓንት አለሽ?» አልከኝ።

«ስንት ሰው ነው የሚታነቀው?»

«ሦስት። አራተኛዋን ገና አላገኘኋትም።» ከዚያ ትኩር ብለህ አየኸኝ። «አንቺ፣ ትንፋሽሽን ውጠሽ መተኛት ትችያለሽ?»

«እንደ ክፍያው ነው» አልኩህ።

ወር ሳይሞላ፣ ለአስፈሪ ፊልምህ፣ ጣሪያው በፈረሰ ገዳም ውስጥ ድንጋይ ላይ ተጋድሜ ሞትኩልህ። ብርዱ አጥንት ይሰብር ነበር። ከአፌ የሚወጣው እንፋሎት ሬሳነቴን እያበላሸ ስላስቸገረ፣ ቀረጻው ከመጀመሩ በፊት በረዶ አፌ ውስጥ ትከትልኝ ነበር። ቀረጻው ሲቆም ደግሞ ኮትህን ደርበህልኝ ትኩስ የነጭ ሽንኩርት ሾርባ በገዛ እጅህ ታመጣልኛለህ። ፕሮዲውሰራችን ዶን አማንሲዮ ያን ቀን ያለህን ታስታውሳለህ? በዚያ ዘመን ፊልሙ ሁለት ጊዜ ነበር የሚቀረጸው፤ አንዱ ለአገር ውስጥ፣ አንዱ ለውጭ ገበያ።

«ለኛዎቹ ለብሳ ሞታለች፤ ለፈረንሳዮቹ ደግሞ ልብሷን አውልቃ ትድገመው» አለህ።

«በርዷታል።»

«ሬሳ ደግሞ ምን ይበርደዋል?»

«እንግዲያው እርስዎ አውልቀው አጠገቧ ይተኙ። ፈረንሳዮቹ ከወደዱት እናያለን» አልከው።

መብራት የያዙት ልጆች ሳቃቸውን መቆጣጠር አቃታቸው። ዶን አማንሲዮ ሰንብቶ ነው ያናገረህ። እኔ ግን ያን ዕለት ነው የወደድኩህ፤ አፌ በበረዶ ተሞልቶ ስለነበር ልነግርህ አልቻልኩም።

ፖስተሩ ላይ ስምህ አልነበረም። ፊልሙን የሠራው ማንም ሰምቶት የማያውቅ እንግሊዛዊ ነው ተብሎ ተጻፈ። ከሳሞራ አውራጃ የመጣ የወፍጮ ቤት ልጅ ሰው ያስፈራል ብሎ ገንዘቡን የሚያወጣ የለም ይሉህ ነበር። ሰባት ፊልም በዚያ ሰው ስም ሠራህ፤ በአምስቱ ሞቻለሁ፣ በሁለቱ ገድያለሁ። ቅር አይልህም ወይ ብዬ ስጠይቅህ ሁልጊዜ መልስህ አንድ ነበር፤ «ስሜን ለእውነተኛው ፊልም አስቀምጬዋለሁ።»

እውነተኛው ፊልም «የመከር እንግዶች» ነበር። አብረን መኖር በጀመርንበት ዓመት፣ ጣሪያዋ ዝቅ ባለች ክፍላችን ውስጥ፣ አንድ እሑድ ሽምብራ እየበላን ተረክልኝ። ከእርስ በርስ ጦርነቱ ብዙ ዓመት በኋላ ነው። በአንድ የካስቲያ መንደር፣ በጦርነቱ ጊዜ በነሐሴ ወር የፍራንኮ ሰዎች በጭነት መኪና ወስደዋቸው የቀሩ አሥራ አንድ ወንዶች ከታጨደው ማሳ ውስጥ በእግራቸው እየመጡ በየቤታቸው ገብተው ገበታ ይቀመጣሉ። አይናገሩም፣ ማንንም አይነኩም። ርቧቸዋል፣ ያ ብቻ ነው። ሚስቶቻቸው ልጆቻቸውን እንደሚመግቡ ዝም ብለው ዳቦ ይቆርሱላቸዋል። የሚፈሩት መኪናውን የነዱት ሰዎች ናቸው።

ስትጨርስ «የኔ አባት ከአሥራ አንዱ አንዱ ነው» አልከኝ። አባትህን ሴቬሪኖን ሲወስዱት ሦስት ዓመትህ ነበር። የት እንዳደረሱት እናትህ አታውቅም፤ መንደሩም አይናገርም። ቤታችሁ ውስጥ ስሙ የሚጠራው በሩ ከተዘጋ በኋላ ነበር።

የመበለቷን ሚና ለእኔ ነው የጻፍከው።

«አሁን ግን ገና ልጅ ነሽ» አልከኝ። «ጠብቂ፤ ታረጂና ትደርሺባታለሽ።»

«እስከዚያ አንተ አታረጅም?»

«ዳይሬክተር አያረጅም። ይወፍራል።»

ስክሪፕቱን ለሳንሱር ስታቀርብ የተቀበለህ ሰው ክፉ አልነበረም። «ታሪኩ ደስ ይላል፤ ሃንጋሪ ውስጥ አድርገውና ነገውኑ ይፈቀድልሃል» አለህ። ቤት ገብተህ እንባህ እስኪፈስ ሳቅህ። «አባቴ ሃንጋሪኛ አይችልም» አልክና ስክሪፕቱን መሳቢያ ውስጥ ከተትከው።

ፍራንኮ ሞተ። አሁንስ ብለን ስክሪፕቱን ከመሳቢያው አወጣነው። ዶን አማንሲዮ ሕዝቡ የሚፈልገው መርሳት ነው አለህ። ሌላ ፕሮዲውሰር ደግሞ፣ ጭፈራ ያለበት ነገር ካለህ አምጣ አለህ። ጥቂት ዓመት ቆይቶ መንግሥት ለፊልም ገንዘብ መስጠት ጀመረ፤ የሚመርጥ ኮሚቴ ተቋቋመ። ያን ቀን ሁለታችንም ያለንን ጥሩ ልብስ ለበስን። እኔ ኮሪደሩ ላይ ጠበቅኩህ። ስትወጣ ደረጃውን ወርደህ መሃሉ ላይ ቆምክ።

«ጉዳዩ ትልቅ ነው፣ አገር ሊያየው ይገባል አሉኝ። መናፍስት ግን ለልጆች ነው፤ ሙታኑን አውጣቸው፣ ሴቶቹ ያስታውሷቸው፣ ሙሉውን ገንዘብ እንሰጥሃለን አሉኝ።»

«ምን አልካቸው?»

«ሙታኑን ካወጣኋቸው የሚቀረኝ እራት ብቻ ነው አልኳቸው።»

ዘበኛው እያየን እዚያው ደረጃው ላይ ሳምኩህ። በሕይወቴ እንደዚያ በሰው ኮርቼ አላውቅም።

ከዚያ በኋላ ለእኛ ዓይነቱ ፊልም ገንዘብ የሚያወጣ ጠፋ፤ ቴሌቪዥን ጠራህ። መጀመሪያ የሆቴሉ ቤተሰብ ድራማ፣ ቀጥሎ የሆስፒታሉ። ስምህ፣ የገዛ ስምህ፣ በየሳምንቱ በየሰው ሳሎን ውስጥ ይወጣ ጀመር። እናትህ ኤተልቪና የደወሉ ዕለት ስልኩን ጆሯችን መሃል ይዘን አብረን ነበር የሰማናቸው።

«ስምህን አየሁት፣ ልጄ። ከሳሙናው ማስታወቂያ በፊት ነው የሚወጣው። ቄሱም አይተውታል።»

«ታሪኩስ ደስ አለሽ፣ እማዬ?»

«ታሪኩን አልተከታተልኩም። ስሙ ሲያልፍ ነው የማየው። የአባትህም ስም እኮ ነው።»



ለድራማዎቹ ክፉ ቃል የለኝም። የሆስፒታሉ ላይ፣ አንድ ሽማግሌ የሚስቱን ውጤት ኮሪደር ውስጥ ሲጠብቅ ካሜራህ ፊቱን ትቶ ጫማው ላይ የቆየበት ክፍል አለ። አንተ እዚያ ውስጥ ነበርክ። ግን ቤት ውስጥ ማስፈራራትህን ተውክ። ድሮ ከመጋረጃ ጀርባ ተደብቀህ ነፍሴን ታወጣት ነበር። አሁን ቁልፉን ቀስ አድርገህ አዙረህ፣ ተሸፋፍነህ የምትተኛ ሰው ሆንክ። ዛራጎዛ የቲያትር ሥራ ሳገኝ ለአንድ ወቅት ብዬ ሄድኩ። አልተጣላንም። ተመለሺ አላልከኝም፤ እኔም ጥራኝ አላልኩህም። በየገናው ትደውልልኝ ነበር። አንድ ጠዋት መስታወት ፊት ስቀመጥ የመበለቷን ዕድሜ ማለፌን አወቅኩ።

ከዚያ ስትመጣ ሰባ ሁለት ዓመትህ ነበር። ባቡር ጣቢያው አጠገብ ካለው ቡና ቤት ተቀመጥን።

«ፈቀዱልኝ» አልክ።

«ማን?»

«የቴሌቪዥን ጣቢያው። ሙታኑ ሕልም እንዲሆኑ ነው። መበለቷ እንደነቃች የሚጠፉ። እሷንም ያቺ በቴሌቪዥን የዳንስ ውድድር ያሸነፈችው ልጅ ናት የምትሠራት።»

«አንተስ ምን አልክ?»

ማንኪያውን ባዶ ስኒ ውስጥ ታዞር ነበር። «እሺ አልኩ። ሰባ ሁለት ዓመቴ ነው፣ ቤኒልዴ። አሁን ሃንጋሪ ቢሉኝም እሄዳለሁ።» ቀጥለህም፣ «ለአንቺ ጎረቤቷን አስቀርቼልሻለሁ። በሯን ከፍታ ታያለች፤ አትናገርም» አልከኝ።

«ማየት እችላለሁ» አልኩህ። ልጅቷን አልጠላኋትም። የቆጨኝ አንተ ይህን ስትነግረኝ ዓይኔን ለማየት ማፈርህ ነው።

መንደርህ የሄድነው በነሐሴ ነው። ኤተልቪና ካረፉ ሁለት ዓመት ሆኗቸው ስለነበር ቤታቸውን መልበሻ ክፍል አደረግነው። የመንደሩን ሽማግሌዎች አጃቢ ተዋናይ አድርገህ ቀጠርክ፤ በየደጃፋቸው በወንበር ተቀምጠው መንገዱን እንዲያዩ። ፀሐይዋ ዝቅ እስክትል ተጠበቀ። ከዚያ አሥራ አንዱ ወንዶች፣ አቧራ ተቀብተው፣ ከማሳው እየወጡ መምጣት ጀመሩ። እኔ በሬን ከፍቼ ስመለከት፣ ፕሩደንሲዮ፣ ያ ሽማግሌ አናጢ፣ ከወንበሩ ተነስቶ ቆቡን አወለቀና በካሜራው ፊት ቀጥ ብሎ ወደ አንተ ሲራመድ አየሁት። ረዳትህ ሊመልሰው ሮጠ፤ አንተ በእጅህ ከለከልከው።

«በዚህ በኩል አልነበረም» አለህ።

«ምኑ?»

«የወሰዷቸው። በኖራ ምድጃው በኩል ነው። እኔ ዛፍ ላይ ነበርኩ፣ አሥራ ሦስት ዓመቴ ነው። አባትህ ሦስተኛ ነበር። ጫማ አልነበረውም።»

«ቦታውን ያውቁታል?»

«እንዴት አላውቀው? በዚያ ላለማለፍ ዕድሜዬን ሙሉ ዙሪያ ጥምጥም የሄድኩበት ነው።»

ከዚያ አንዲት አሮጊት ተናገረች፤ ከእሷ ቀጥሎ ሌላው። ፀሐይዋ ጠለቀች፤ የዚያን ቀን ቀረጻ ቀረ። ቀረጻ በሰዓቱ ሳትጨርስ ስትቀር ያየሁህ ያን ዕለት ብቻ ነው።

ፊልሙ አልቆ በሚቀጥለው ነሐሴ ታየ፤ አገር ሁሉ ባሕር ዳርቻ በነበረበት ሳምንት። ሕልሙ ሕልም ሆኖ ወጣ። ማንም አላወራበትም። ከዚያ በፊት ግን፣ በጸደዩ፣ የዩኒቨርሲቲ ልጆች ብሩሽና ባልዲ ይዘው መጥተው የኖራ ምድጃውን ጀርባ ቆፍረው ነበር። ከጉድጓዱ ጠርዝ ላይ በምትታጠፍ ወንበር ተቀምጠህ ነበር፤ እኔም አጠገብህ። አሥራ አንዱም እዚያ ነበሩ። አንዲት ልጅ ከሦስተኛው ሰው እግር ላይ አፈሩን ስትጠርግ ከጫማ የተረፈ ምንም አልተገኘም።

«ሙታኑን አውጣቸው ሲሉኝ እምቢ ያልኩት እኔ ነኝ» አልክ።

የቀለድክ መስሎኝ ዞር አልኩ። አልቀለድክም።

«ያኔ እሺ ብዬ ቢሆን ቀረጻው እዚሁ ነበር የሚሆነው። ካሜራ መጥቶ፣ ሽማግሌዎቹ ደጃፍ ላይ ተቀምጠው፣ ፕሩደንሲዮ ያኔም ይነሳ ነበር። እማዬ ገና በእግሯ ትሄድ ነበር። ትቀብረው ነበር፣ ቤኒልዴ። እኔ ለፊልሜ ስሟገት እሷ ሳትቀብረው ሞተች። ተሳስቼ ነበር?»

የኮትህን እጅጌ ያዝኩ። ከዚያ ወዲህ ካሜራ አጠገብ አልደረስክም፤ ጥያቄውንም ደግመህ አላነሳኸውም።

ባለፈው ሳምንት ከአባትህና ከእናትህ አጠገብ ቀበርንህ። የቴሌቪዥን ሰዎች መጥተው ስለ ሰዓት አክባሪነትህ ተናገሩ። ሰው ሲበተን ፕሩደንሲዮ ከመቃብሩ አጥር ውጭ አግዳሚ ወንበር ላይ ብቻውን ተቀምጦ አገኘሁት። አጠገቡ ተቀምጬ ጠየቅኩት፤ በዚያ ኮሚቴው ገንዘብ እንስጥህ ባለህ ዘመን ካሜራ ይዘን መጥተን ቢሆን ኖሮ ይነሱ ነበር ወይ አልኩት።

ዱላውን ጉልበቱ ላይ አጋደመ።

«ያኔ መኪናውን የነዳው ሰው በሕይወት ነበር። ከሰዓት በኋላ ካርታ አብረን እንጫወት ነበር።»

«ስለዚህ አይነሱም ነበር?»

«አላውቅም፣ ልጄ። ፈሪ ነበርኩ፤ ግን ደግሞ ማንም መጥቶ አልጠየቀንም። ቢጠይቁን ምን እንል እንደነበር አሁን ከየት አምጥቼ ልንገርሽ?»

ያመጣሁልህ መልስ ይኸው ነው፣ ፌርሚን። የተሻለ ባመጣልህ በወደድኩ። ልክ ነበርክ ልልህ ብፈልግ ኤተልቪና ፊቴ ይመጣሉ። ተሳስተህ ነበር ልበል ካልኩም፣ ያ ደረጃ ላይ የቆመው ሰው ይመጣብኛል፤ ዛሬም ባገኘው እዚያው እስመዋለሁ። ፊልሙ መጥፎ ነበር፤ አንተም ታውቀዋለህ። ያ መጥፎ ፊልም ግን አሥራ አንድ ቤተሰብ የየራሱን ሰው እንዲቀብር አድርጓል። ከዚህ በላይ ማስታረቅ አልቻልኩም፤ አንተም አልቻልክም መሰለኝ።

አግዳሚው ወንበር ላይ ፕሩደንሲዮ ብቻ አይደለም የሚቀመጠው። ከወዲያኛው መንደር የሚመጡ አሉ፤ የእነሱ ሰዎች የት እንዳሉ እስከዛሬ አልታወቀም። በነሐሴ ተመልሼ አጠገባቸው እቀመጣለሁ። ካሜራ የለኝም፤ መጠየቅ ግን እችላለሁ።

ደህና ሁን፣ ውዴ።

ያንተዋ ቤኒልዴ
ዛራጎዛ