የነስሩ ቤዝ

ነስሩዬ፣ አሰላሙ ዐለይኩም።

ከተለየኸን ሁለት ዓመት ከአራት ወር ሆነ። ደብዳቤ ሲጀመር ጤና መጠየቅ ደንብ ነው፤ አንተን ግን እንደምን አለህ ማለቱ ስላልሆነልኝ በቀጥታ ስለ እኛ ልንገርህ። እኛ ደህና ነን። ጣሪያው ታድሷል። ድመቷ ከትልቁ ስፒከርህ ጀርባ ወልዳለች፤ ልጆቿን ምንም ጩኸት አያስደነግጣቸውም።

የምጽፍልህ ግን ስለ መጨረሻው ካሴትህ ነው። አንድ አሳታሚ ከአዲስ አበባ ድረስ መጥቶ ሰማው። ሬጌው ግሩም ነው፣ ወፍራሙ የቤዝ ጊታር ድምፅ ግን በዝቷል፣ በኪቦርድ ተክተን ፈጠን ብናደርገው ይሻላል አለ። የሟች ሥራ ነውና የእኔና የአባትህ ፊርማ ያስፈልጋል። ወረቀቱንና አሻሽሎ የሠራውን ቅጂ ትቶልኝ ሄደ። እኔ እንደማልፈርም ያኔውኑ ወስኛለሁ። የፈራሁት አባትህ ይፈርማሉ ብዬ ነው።

መፍራቴ አይፈረድብኝም። በርበሬ ሸጠህ እንድትመለስ ሻሸመኔ ልከውህ ቤዝ ጊታር ይዘህ ስትመጣ ሦስት ቀን ያላናገሩህ ሰው ናቸው። በአራተኛው ቀን አስጠርተውህ የጠየቁህ ግን ስለ በርበሬው አልነበረም። ጊታር ስድስት ክር እንዳለው ከጎረቤት ሰምተው፣ ያንተን ቢቆጥሩት አራት ሆነባቸው፤ ያንገበገባቸው መታለልህ ነው። በሳምንቱ ከመርካቶ ሁለት ክር በጋዜጣ ጠቅልለው አመጡልህ። ቤዝ ሲፈጠርም አራት ክር ነው ብለህ ልትነግራቸው አፈርክና ሁለቱን ከጊታሩ አንገት ላይ አንጠልጥለህ ዕድሜ ልክህን ተጫወትክ። እኔ ከወልቂጤ በመምህርነት ተመድቤ መጥቼ ሰርግ ላይ መጀመሪያ ሳይህ የሬጌ ሥርዓት መስሎኝ ነበር። ቤዝ ያስተማርካቸው ልጆችም እንደዚያው መስሏቸው፣ ዛሬ ቡታጅራ ውስጥ ሁለት ክር ሳያንጠለጥል ቤዝ የሚይዝ የለም።

ከአባትህ በርበሬ ሱቅ ጓዳ የሠራሃት ስቱዲዮስ ትዝ ትልሃለች? ከአረቅጥ የመጣችው ዘፋኝ አዝማቹ ላይ በደረሰች ቁጥር ታስነጥስ ነበር። ሌላ ሰው ቢሆን ዘፈኑን ከሱቁ ያርቀው ነበር፤ አንተ ማስነጠሷ ምቱ ላይ ስለገጠመ ቤዙን አብረህ ጣልክበት። ሰው እስከ ዛሬ ያንን ዘፈን ሲዘፍን ያስነጥሳል።

ስምህም ግስ ሆኗል። ባለፈው ቅዳሜ በገበያው መንገድ ስሄድ አንድ ጋሪ ነጂ ከኋላዬ፣ “ኧረ ነስሩ በል አንተ!” ሲል ሰማሁ። ዞር ብዬ ሳይ የሚያናግረው ፈረሱን ነው። የሬጌህ ቀስ ማለት በስምህ ተጠርቶ ቀርቷል። የአማርኛ መምህርት ነኝና ላርመው ይገባኝ ነበር። አላረምኩትም። ፈረሱም ገብቶታል።

ሐሙስ አባትህ ዘንድ ሄድኩ። ካንተ ወዲህ ጆሯቸው ከብዷል፤ ሰላምታችን እንኳ በጩኸት ነው። ወረቀቱን ጮክ ብዬ አንብቤላቸው ሁለቱን ቅጂዎች በተራ ከፈትኩ። ቤዝህ ተነቅሎ የወጣበት ቅጂ ሲያልቅ፣ መቼ ነው የሚጀምረው ብለው ጠየቁኝ። ከዚያ ያንተን ከፈትኩ። ቤዝህ ቴፑ ያለበትን ጠረጴዛ ሲያነዝረው መዳፋቸውን አሳረፉበት። ዘፋኝ መኖሩንም አላወቁ፣ ዜማውም አልተሰማቸው፤ ካሴቱ በሁለቱም ፊት እስኪያልቅ ግን እጃቸውን አላነሱም። ሲያበቃ ወረቀቱን ወደ እኔ ገፉት።

“የማወጣው ልጄን ነው እንዴ? አልፈርምም።”

አሳታሚው ይህን ስነግረው፣ እንግዲያው እናንተው አሳትሙት ብሎ ስልኩን ዘጋ። እኛም ቃሉን አከበርን። እኔ ከማስተማር ስመለስ ጓዳ ገብቼ በሁለት ቴፕ አባዛለሁ፤ ሳላስበው ፕሮዲዩሰር ሆኜልሃለሁ። አባትህ ከበርበሬው ጎን ደርድረው ይሸጡታል። ካሴቱ ትንሽ የሚያስነጥስ መሆኑን ግን ገዢውን አስቀድመን አናስጠነቅቅም።

ነስሩዬ፣ አልረሳህም ማለት ለኔ ቀላል ሥራ ሆኗል። እኔ ባለሁበት ቤት ቤዝህን ማንም አይቀንሰውም። ጎረቤት መጥቶ ቢለምንም እንኳ።

ባለቤትህ ሙኒራ